ቱና እንጂ ዓሣ አልበላም

በዐቢይ ጾም አንድ ረቡዕ፣ ቦሌ መድኃኔዓለም አካባቢ ካሉት ካፌዎች በአንዱ ተቀምጬ ሻይ እጠጣለሁ። ከጎኔ ባለው ጠረጴዛ ሁለት ወጣት ሴቶች ተቀምጠዋል። አለባበሳቸው የባንክ ወይም የሌላ ደህና መሥሪያ ቤት ሠራተኞች ያስመስላቸዋል። አስተናጋጁ መጥቶ የጾም ምግቦቹን በቃሉ ይዘረዝርላቸው ጀመር። «በየዓይነቱ አለ፤ ሽሮ አለ፤ ፓስታ በአትክልት አለ፤ ዓሣ ጉላሽ አለ…» እያለ ሲቀጥል ከሁለቱ አንዷ ቀልጠፍ ብላ አቋረጠችው።

«ኧረ የኔ ወንድም፣ ዓሣ አልበላም፤ ጾም ነኝ። ቱና ሳንዱች የላችሁም?»

«አለ» አላት አስተናጋጁ፣ ፊቱ ላይ ምንም ሳይነበብ።

ሻዩ ትን አለኝ። ዞር ብዬ ላያት ፈልጌ ነውር ነውና ተውኩት። ትቀልድ ይሆናል ብዬ ነበር፤ ግን አልቀለደችም። ሳንዱቹ ሲመጣላት አማትባ በላችው።

መጀመሪያ በሆዴ ሳቅሁ። ወደ ቤቴ፣ ወደ ገርጂ ስሄድ ግን ሳቁ ቀስ በቀስ ለቀቀኝ። ዩኒቨርሲቲ ውስጥ ሥነ ጽሑፍ ሳስተምር በነበረበት ዘመን ቃልና ነገር የተለያዩ መሆናቸውን፣ ቃሉ ሲለወጥ ነገሩ ራሱ የተለወጠ እንደሚመስለን ለተማሪዎቼ ለማስረዳት አንድ ሳምንት ይፈጅብኝ ነበር። ይቺ ልጅ በአንድ ዓረፍተ ነገር ጨረሰችው። ያለችው ስሕተት ነው ብሎ ማለፍ ይቻላል። ነገር ግን ስሕተት ብቻ ቢሆን ኖሮ አስተናጋጁ ያርማት ነበር፤ ጓደኛዋም ትስቅባት ነበር። ሁሉም የተግባባበት ነገር ስሕተት አይባልም፤ ልማድ ነው የሚባለው። ዛሬ የማወራችሁ ስለዚሁ ልማድ ነው።

አስቀድሜ አንድ ነገር ልበል። ዓሣ በጾም ይበላል አይበላም የሚለውን ክርክር አልገባበትም። ፍትሐ ነገሥትን፣ በተለይ ስለ ጾም የሚናገረውን አንቀጽ 15ን እየጠቀሱ ወዲህም ወዲያም የሚከራከሩ አሉ፤ ጉዳዩ የሊቃውንቱ ነው። የእኔ ጥያቄ ሌላ ነው። ዓሣ አልበላም ያለ ሰው ቱናን እንዴት ነው የሚበላው? ቆርቆሮው ውስጥ ሲገባ ዓሣው ምኑ ነው የሚቀየረው?

ከቃሉ ልጀምር። በአማርኛችን ዓሣ የሚለው ቃል መልካም ስም የለውም። ተረትና ምሳሌውን ተመልከቱ። «ዓሣ ግማቱ ከአናቱ» እንላለን፤ ይህ ስለ ሽታው ነው። «ዓሣ ጎርጓሪ ዘንዶ ያወጣል» እንላለን፤ ይህ ስለ አደጋው ነው። «ዓሣን መብላት በብልሃት» እንላለን፤ ይህም ስለ እሾሁ ነው። ሽታ፣ ዘንዶ፣ እሾህ። ስለ ጣዕሙ የተነገረ ተረት እስካሁን አልሰማሁም። ስለዚህ የከተማው ሰው ዓሣ ሊበላ ሲፈልግ ከእነዚህ ሦስት ነገሮች የጸዳ ስም ከውጭ ያስመጣል። ፊሌቶ ከጣሊያን መጣ። ሰርዲን ከፈረንጅ አገር መጣ፤ ስሙን ያገኘው ሰርዲኒያ ከምትባለው ደሴት ነው ይባላል። ቱና ደግሞ የመጨረሻውና ከሁሉም ንጹሑ ነው፤ ስሙ ውስጥ ውሃም፣ መረብም፣ ቅርፊትም አይታይም።

ከስሙ ቀጥሎ ያለው ቆርቆሮው ነው። ኒኮላ አፔር የሚባል ፈረንሳዊ ምግብን በመስተዋት ዕቃ አሽጎ በፈላ ውሃ በመቀቀል ለረጅም ጊዜ ማቆየት እንደሚቻል አሳይቶ ከመንግሥቱ ሽልማት የተቀበለውና ዘዴውን በመጽሐፍ ያሳተመው እ.ኤ.አ. በ1810 ነው። በዚያው ዓመት እንግሊዝ አገር ለቆርቆሮው የፈጠራ መብት ተሰጠ። የሚገርመው የቆርቆሮ መክፈቻ የተፈለሰፈው ከ40 ዓመት በላይ ቆይቶ ነው፤ እስከዚያ በመሮና በመዶሻ ነበር የሚከፈተው። ሌላው የሚገርመው አፔር ምግቡ ለምን እንደማይበላሽ አለማወቁ ነው። ምክንያቱ ዓይን የማያየው ተሕዋስ መሆኑን በኋላ ያስረዳው ፓስተር ነው። ለማንኛውም የቆርቆሮ ምግብ ሲጀመርም የታሰበው ለባሕር ኃይልና ለወታደር፣ ከገበያና ከኩሽና ለራቀ ሰው ነበር። ሁለት ክፍለ ዘመን ቆይቶ ቦሌ ላይ፣ ገበያም ኩሽናም አጠገቡ ላለ ሰው የቅንጦት ምግብ ሆኖ ተገኘ።

በማግስቱ ሥራዬ ብዬ ቦሌ ካሉት ሱፐርማርኬቶች ሦስቱን ዞርኩ። መነጽሬን አድርጌ በየቆርቆሮው ላይ የተለጠፈውን ወረቀት ድሮ የተማሪ ፈተና አነብ በነበረበት ትዕግሥት አነበብኩ። ሰርዲኑ በአብዛኛው የሞሮኮ ነው፤ ቱናው የታይላንድ። ይህ አይገርምም፤ ሞሮኮ በታሸገ ሰርዲን፣ ታይላንድ በታሸገ ቱና የዓለም ገበያ መሪዎች ናቸው። ጽሑፉ እንግሊዝኛ፣ ፈረንሳይኛና ዐረብኛ ነው። ባየኋቸው ላይ አማርኛ አልነበረም። ማንም ግን ለምን የለም ብሎ አይጠይቅም። እንዲያውም አማርኛ ቢኖርበት የሚጠራጠረው ገዢ የሚበዛ ይመስለኛል። ሥዕሉም ቢሆን ብልህ ነው። በአንዳንዱ ላይ ዓሣው ጭራውን አንሥቶ ከሰማያዊ ባሕር ይዘልላል፤ በብዙዎቹ ላይ ግን የሚታየው ሰላጣ፣ ሎሚና የወይራ ፍሬ ነው። ዓሣ አለመሆንን እንዲህ አድርጎ መሳል ይቻላል።

የዚህች ቆርቆሮ ጉዞ ደግሞ ራሱን የቻለ ታሪክ ነው። በዓለም ላይ ከሚጠመደው ቱና ከግማሽ በላይ የሚሆነው ስኪፕጃክ የሚባለው ዓይነት ነው። ይህ ዓሣ ከሚጠመድባቸው ውሃዎች አንዱ የሕንድ ውቅያኖስ ነው፤ ከአፍሪካ ቀንድ፣ ከሶማሊያ ጠረፍ ማዶ ያለው ውሃ። የአውሮፓና የእስያ ትልልቅ መርከቦች ያጠምዱታል፤ ከፊሉ በሲሸልስ፣ ከፊሉ በታይላንድ ይታሸጋል። እንግዲህ ያቺ ልጅ የበላችው ዓሣ በሕይወቱ ሳለ ከቦሌ በአውሮፕላን የሁለት ሦስት ሰዓት መንገድ ላይ ሲዋኝ የነበረ ሊሆን ይችላል። ከዚያ እስያ ድረስ ሄደ፤ ተቀቀለ፣ ታሸገ፣ ስም ወጣለት፤ በመርከብ ጅቡቲ ደረሰ፤ በከባድ መኪና ሽቅብ ተጭኖ አዲስ አበባ ገባ። ያን ሁሉ መንገድ የከፈልነው በዶላር ነው። ጥቅምት 2015 ዓ.ም. መንግሥት 38 ዓይነት ሸቀጦችን ለማስመጣት የውጭ ምንዛሪ እንዳይፈቀድ ሲያግድ አይተናል፤ ሐምሌ 2016 ዓ.ም. እገዳው ሲነሣና የአንድ ዶላር ዋጋ ከ57 ብር ገደማ ተነሥቶ በሳምንታት ውስጥ 100 ብርን ሲያልፍም አይተናል። በዶላር የሚመጣ ነገር ሁሉ አብሮ ሰማይ ወጣ፤ ቱናውም ወጣ። ቱናውን ግን አልተውነውም።

እዚህ ላይ ሁልጊዜ የሚመጣ መልስ አለ። «ታዲያ ባሕር የለን፣ ምን እናድርግ?» ይባላል። ባሕር በነበረን ጊዜስ? በ1940ዎቹ ምጽዋ አካባቢ ሰርዲንና መሰል ትናንሽ ዓሦች በብዛት እየተጠመዱ፣ እየደረቁና እየተፈጩ ለእንስሳት መኖ ወደ ውጭ ይላኩ ነበር። ሰርዲኑን ከባሕራችን አውጥተን ለሰው አገር ከብትና ዶሮ አቀረብን፤ እኛ ደግሞ የሰው አገር ሰርዲን በቆርቆሮ ገዝተን በላን። ስለዚህ ጉዳዩን በባሕር ማጣት ብቻ ማሳበብ አይቻልም።

ሐይቅስ ቢሆን መቼ አጣን? ጣና አለ፣ ጫሞና አባያ አለ፣ ደምበል አለ፣ ሐዋሳ አለ፣ ከሰሜኑ ጫፉ የቱርካናም ድርሻ አለን፤ ባሮ አለ። በተደጋጋሚ የሚጠቀሰው የባለሙያዎች ግምት አገሪቱ በዓመት ወደ 94 ሺህ ቶን ገደማ ዓሣ ልታመርት እንደምትችል ይናገራል። አንድ ኢትዮጵያዊ በዓመት የሚበላው ዓሣ ግን ሲካፈል አንድ ኪሎ አይሞላም፤ የዓለም አማካይ 20 ኪሎ ያህል ነው። ከዚያች ከአንድ ኪሎ በታች ላይ ነው እንግዲህ ለሞሮኮና ለታይላንድ የምናካፍለው።

ይህን ሁሉ እያሰላሰልኩ ወደ ሰፈሬ ተመለስኩ። ገርጂ ውስጥ ቤቴ መታጠፊያ ላይ አንዲት ትንሽ ዓሣ ቤት አለች፤ አንድ ማቀዝቀዣ፣ አንድ ሚዛን፣ አንድ የመጥበሻ ምድጃ። ባለቤቲቱ የባሕር ዳር ሴት ናት። ዓሣው በበረዶ ተከቦ በሌሊት መኪና ይመጣላታል።

«ገበያ እንዴት ነው?» አልኳት።

«ስም እየቀየርኩ ነው የምሸጠው፣ ጋሼ» አለችኝ እየሳቀች። «ዓሣ አለ ስላቸው አፍንጫቸውን ይይዛሉ። ፊሌቶ አለ ስላቸው ኪሎው ስንት ነው ይሉኛል።»

«የዓሣ ቋንጣስ የለሽም?»

ሳቋን አቆመች። ወደ በሩ አየት አደረገችና ከመደርደሪያው ሥር አፉ የታሰረ ፌስታል አወጣች። «ይበላሉ እንዴ?» አለችኝ በጥርጣሬ። ፈታችው። እንደ ጣት የቀጠነ፣ ቡናማ፣ ጨው የነካው ሥጋ። ለአፍንጫ ጠንከር ይላል፤ ግን ከከብት ቋንጣ እምብዛም አይለይም።

«ማን ይገዛሻል?»

«ናይጄሪያዎች፣ ኮንጎዎች፣ የጋምቤላ ልጆች። እነሱ ዋጋውን ያውቁታል። የሰፈሩ ሰው ግን ጠይቆኝም አያውቅ። አንዴ እዚህ በሩ ላይ ሰቅዬው ነበር፤ አከራዬ ሸተተን አሉኝ፤ አወረድኩት።»

እኚያ አከራይ ለፋሲካ የበሬ ቋንጣ ከግቢያቸው ሲሰቅሉ ማንም ሸተተን እንደማይላቸው እርግጠኛ ነኝ። ቋንጣ ማለት እኮ የእኛው ጥበብ ነው። ሥጋን በቀጭኑ ዘልዝሎ፣ ጨውና በርበሬ ነክቶ፣ በገመድ ላይ አንጠልጥሎ ማቆየትን ማንም አላስተማረንም። የጣና ዳር ሰዎች ይህንኑ ጥበብ ለዓሣ አዋሉት። ዓሣው ይሰነጠቃል፤ ሆድ ዕቃው ይወጣል፤ ሥጋው ይዘለዘላል ወይም ሙሉው እንደ መጽሐፍ ይገለጣል፤ ጨው ይነካና ለፀሐይ ይሰጣል። በበጋ ቀናት ይበቁታል። በክረምት ግን ዝናቡ፣ ዝንቡና ነቀዙ ይፈታተኑታል። ጋምቤላ ላይ ደግሞ በእሳት ጭስ ያደርቁታል። ለዚህ ሥራ የሚያስፈልገው ዓሣ፣ ጨውና ፀሐይ ነው። ዓሣው ከጣና፣ ጨው ከአፍዴራ፣ ፀሐይ ከሰማይ፤ ሦስቱም በብር እንጂ በዶላር አይገዙም።

ታዲያ የደረቀው ዓሣ ወዴት ይሄዳል? ከጣና አካባቢ የሚደርቀው ዓሣ ገበያው ለዓመታት ሱዳን ነበር፤ በመተማ በኩል ይወጣል። ሱዳኖች የደረቀ ዓሣን ከጂክ ይሉታል፤ ወጣቸውን ያጣፍጡበታል። በኬንያ በኩል ካለው የቱርካና ዳርቻም የደረቀ ዓሣ ተጭኖ እስከ ኮንጎ ድረስ ይጓዛል። በሌላ አነጋገር ድፍን ምሥራቅና መካከለኛው አፍሪካ የሚያውቀው፣ የሚገዛው፣ የሚሸጠው ነገር ነው። አዲስ አበባ ብቻ አያውቀውም። ከመደርደሪያ ሥር፣ በፌስታል ታስሮ ይኖራል።

ለምን? ሽታ ነው እንዳትሉኝ። ሰርዲን ሲከፈት ቤቱን የሚያውደው ሽቶ ነው እንዴ? እኔ የምለው እንዲህ ነው። ሰርዲኑንና ቱናውን ከቋንጣው የለየው ዓሣው ሳይሆን እጁ ነው። የቋንጣው ዓሣ ላይ የሰው እጅ ይታያል፤ ያጠመደው፣ የሰነጠቀው፣ የዘለዘለው ሰው ይታወቃል። ያ ሰው ደግሞ በዚህ አገር ሲናቅ የኖረ ነው። ጣና ላይ በደንገል ታንኳ ሲያጠምዱ የኖሩት ነገደ ወይጦዎች፣ ጉማሬ ይበላሉ ተብለው ክርስቲያኑም እስላሙም ማዕድ ሳይጋራቸው፣ ጋብቻ ሳይሰጣቸው ኖረዋል። ቀጥቃጩን፣ ፋቂውን፣ ሸማኔውን እንደናቅን ሁሉ አጥማጁንም ናቅን። ዐፄ ምኒልክ ባለ እጅን የሚሰድበውን የሚገሥጽ አዋጅ እስከ ማስነገር ደርሰዋል፤ አዋጁ ስድቡን ቀነሰው እንጂ ንቀቱን አልነቀለውም። ቆርቆሮው የሚሸጥልን እንግዲህ የአጥማጁን እጅ አለማየትን ነው። ታይላንድ ላይ ያን ዓሣ የላጠችው ሴት እጅ ምን እንደሚመስል አናውቅም፤ ስለማናውቅ ንጹሕ ነው።

ለዚህ አንድ ማስረጃ ላቅርብ። ብዙ ምእመናን አምባዛ አይበሉም። ቅርፊት የለውማ፤ ኦሪት ዘሌዋውያን ምዕራፍ 11 ክንፍና ቅርፊት የሌለውን የውሃ እንስሳ አትብሉ ይላልና። ይህን የሚያከብር ሰው አከብረዋለሁ። ነገር ግን ቱና ቅርፊት አለው ወይ ብሎ የጠየቀ ሰው አጋጥሟችሁ ያውቃል? የቱና ሰውነት አብዛኛው ለዓይን ልሙጥ ነው። የአይሁድ ሊቃውንት ይህንኑ መርምረው፣ ጥቃቅን ቅርፊቶች እንዳሉት አረጋግጠው ነው የፈቀዱት። እኛ አልመረመርንም፤ በቆርቆሮው አመንን። የጣናውን አምባዛ በኦሪት ሕግ ዳኘነው፤ የባንኮኩን ቱና ያለ ዳኛ አሳለፍነው።

በሃይማኖት ካየነው ደግሞ የደረቀ ዓሣ የሚናቅ ነገር አይደለም። አምስት ሺህ ሕዝብ የበላባቸውን ሁለት ዓሣዎች የዮሐንስ ወንጌል በግሪክኛው የሚጠራበት ቃል ከእንጀራ ጋር የሚበላ፣ ብዙ ጊዜም የደረቀ ወይም በጨው የተቀመመ ትንሽ ዓሣን የሚያመለክት ነው። የመግደላዊት ማርያም አገር መግደላም፣ ብዙ ሊቃውንት እንደሚሉት፣ በግሪክኛ ታሪኬያ ትባል የነበረችው ከተማ ናት፤ ትርጉሙም ዓሣ በጨው የሚቀመምበት ቦታ ማለት ነው። የራሳችን ቤተ ክርስቲያንም ብትሆን አጥማጁን አልናቀችም። በ1978 ዓ.ም. ገደማ ሞተር ጀልባና የናይለን መረብ ወደ ጣና የገባው በእሷና በአንድ የሆላንድ የአብያተ ክርስቲያናት ድርጅት ትብብር ነው። የሚንቀው ልማዳችን ነው።

እስካሁን ልጅቷን፣ አከራዩን፣ ሱፐርማርኬቱን ተችቻለሁ። የተቺ ወጉ ግን ራሱንም ማስተቸት ነውና አንድ ነገር ልናዘዝ።

ከሃያ ዓመት በፊት ነው። ለማስተማር ሥራ ባሕር ዳር ሄጄ ሳለሁ አንድ የቀድሞ ተማሪዬ ቤተሰቦቹ ዘንድ ምሳ ጋበዘኝ። አባቱ አጥማጅ ናቸው። ቤቱ ትንሽ፣ ንጹሕ፣ ሣር የተጎዘጎዘበት ነበር። እናቱ የዓሣ ቋንጣ ወጥ አቀረቡ። ለእንግዳ ከነበራቸው ሁሉ የተሻለው እሱ ነበር። እኔ ምን አደረግሁ? ሆዴን አሞኛል አልኩ። እንጀራውን በሽሮ ነካ ነካ አድርጌ ተነሣሁ። አባትየው ምንም አላሉም፤ «እግዜር ይማርዎ፣ መምህር» ብቻ አሉኝ።

በነጋታው ሌሊት 11 ሰዓት አውቶቡስ መናኸሪያ ተማሪዬ ሊሸኘኝ መጣ። ቦርሳዬን ተቀብሎ ሲያነሣ ዚፑ ክፍት ነበርና ሁለት ቆርቆሮ ሰርዲን ከነዳቦው ብቅ አለ። ለመንገድ የገዛሁት ነው። አየው። ቀስ ብሎ ወደ ውስጥ መለሰውና ዚፑን ዘጋው። ከዚያ ከብብቱ ሥር በጋዜጣ የተጠቀለለ ነገር አውጥቶ «እናቴ ለመንገድ ብላ ነው» አለኝ። ቋንጣው ነበር።

አንባቢ ሆይ፣ ያን ጥቅል ከመቀመጫዬ ሥር አደረግሁት። ደጀን ላይ ለምሳ ስንቆም ረዳቱ አገኘውና ከፍ አድርጎ ይዞ «የማን ነው ይኼ?» ብሎ ጮኸ። አንዳንዱ ተሳፋሪ አፍንጫውን ይዞ ሳቀ። እኔ በመስኮት ወደ ውጭ አየሁ። «ባለቤት የለውም?» አለ ረዳቱ ደግሞ። ዝም አልኩ። ይዞት ወረደ። ከምግብ ቤቱ በረንዳ ላይ ከሾፌሩ ጋር ሆነው እያጣጣሙ ሲበሉት፣ እኔ አውቶቡሱ ውስጥ ብቻዬን ተቀምጬ የሰርዲኔን ቆርቆሮ እከፍት ነበር።

እንግዲህ ያቺን የቦሌ ልጅ የምፈርድባት እኔ ማን ሆኜ ነው? እሷ ቢያንስ የምታደርገውን አታውቅም። እኔ አውቅ ነበር።

ከዚህ ሁሉ በኋላ ቱና ይታገድ የምል እንዳይመስላችሁ። የገዢውንም ፍርሃት አልንቀውም። ዓሣ በሰዓታት ውስጥ የሚበላሽ ነገር ነው፤ ልጆቹን የሚያበላ ሰው መጠንቀቁ ትክክል ነው። ቆርቆሮው ላይ የተመረተበት ቀን አለ፤ የሚያበቃበት ቀን አለ፤ የፋብሪካ ቁጥር አለ። ገዢው የሚያምነው ቆርቆሮውን ብቻ አይደለም፤ ከቆርቆሮው ጀርባ ያለውን ተቆጣጣሪ፣ ሕግና ላቦራቶሪ ጭምር ነው። በፌስታል የታሰረው ቋንጣ ከጀርባው ማን አለው? ማንም። ሕጉ የለም ማለት አይደለም፤ የዓሣ ሀብት ልማትና አጠቃቀም አዋጅ ቁጥር 315 የወጣው በ1995 ዓ.ም. ነው። ኅዳር 2015 ዓ.ም. አርባ ምንጭ ላይ የተጀመረው የሌማት ትሩፋትም ዓሣን ያካትታል። የጎደለው በአዋጁና በፌስታሉ መካከል ያለው ነገር ነው፤ ከመሬት ከፍ ያለ የማድረቂያ ቆጥ፣ የዝንብ መከላከያ መረብ፣ የጨው መጠን፣ የእርጥበት መለኪያ፣ መርማሪ፣ ማሸጊያ፣ መለያ። ይህ ሁሉ እንደ ሮኬት ሳይንስ አይደለም፤ የበርበሬና የሽሮ ነጋዴዎቻችን አሽገው፣ ስም ሰጥተው፣ ቀን ጽፈው ቦሌ ሱፐርማርኬት ውስጥ ደርድረውታል። ለበርበሬ የተቻለው ለዓሣ ያልተቻለው፣ በርበሬ ባለቤት ስላለው ነው። ዓሣውን እንደዚያች ጥቅል የኔ ነው የሚለው ጠፍቶ ነው።

ደግሞ ዓሣውም የማያልቅ አይደለም። የጣናው ነጭ ዓሣ፣ ብዙው ዝርያው በዓለም ላይ ሌላ ቦታ የማይገኘው፣ በመራቢያው ወቅት በወንዞቹ አፍ ላይ በመረብ እየተያዘ ክፉኛ መቀነሱን ተመራማሪዎች ከጻፉት ቆይቷል። ጫሞም ናይል ፐርቹ ተመናምኖበታል። ከ2004 ዓ.ም. ወዲህ ጣና ላይ የመጣውን እንቦጭ ሁላችንም እናውቀዋለን። ባለቤት የሌለው ነገር ሁለት ጊዜ ይጎዳል፤ ሲሸጥ ይረክሳል፣ ሲጠመድ ይጠፋል። ስሙ በወጉ የተጻፈበት፣ ከየትኛው ሐይቅ፣ በየትኛው ወር፣ በየትኛው ማኅበር እንደተጠመደ የሚናገር ጥቅል ግን ገዢውንም፣ አጥማጁንም፣ ዓሣውንም ይጠብቃል። የምመኘው ይህችን መለያ ነው። በአማርኛ የተጻፈች፤ ላይዋም ላይ በጉልህ «ዓሣ» የምትል።

ባለፈው ሳምንት ገርጂ ካለችው ዓሣ ቤት ግማሽ ኪሎ ቋንጣ ገዛሁ። ሴትዮዋ በጋዜጣ ልትጠቀልልልኝ ስትል ቆይ አልኳትና በነጭ ወረቀት አስጠቀለልኳት፤ ለምን እንደሆነ አልነገርኳትም። ቤት ወስጄ በሽንኩርትና በበርበሬ ሠርተን በላነው። ጥሩ ነበር። ሃያ ዓመት ዘግይቷል እንጂ፣ ጥሩ ነበር።

በዚያው ድፍረቴ ረቡዕ ዕለት ወደዚያው የቦሌ ካፌ ተመለስኩ። ያው አስተናጋጅ መጣ። ድምፄን ከፍ አድርጌ፣ በዙሪያዬ ያሉት ሁሉ እንዲሰሙ፣

«ዓሣ አላችሁ?» አልኩት።

ወደ ማድ ቤቱ ዞር ብሎ ጠየቀና ተመለሰ። ይቅርታ በሚመስል ድምፅ፣

«ዛሬ እንኳ ዓሣ የለም፣ ጋሼ» አለኝ። «ቱና ነው ያለው።»